እንደ ወንዙ መሻገር

«እንደ አገሩ ይኖሩ፥ እንደ ወንዙ ይሻገሩ» የሚለው ምሳሌ በብዙ ሰው አፍ ይነገራል፤ በትርጓሜው ላይ ግን ሰዎች አይስማሙም። አንዳንዱ፥ «ሰው በደረሰበት ስፍራ ሁሉ ሌላውን መስሎ መኖር አለበት ማለት ነው» ይላል። ሌላው ደግሞ፥ «የሚለዋወጥ ሰው ሥር የለውም፤ ልማዱን የለወጠ አባቱን የካደ ነው» ብሎ ምሳሌውን ይንቀዋል። ሁለቱም ቃሉን አጥብቀው አልሰሙትም። ምሳሌው ወንዙን ይሻገሩ አለ እንጂ ወንዙን ይሁኑ አላለም። ወንዙ በጐደለ ጊዜ ልብስን ሰብስቦ፥ በሞላ ጊዜ በታንኳ፥ ጐርፍ በበረታ ጊዜም በዳር ቆይቶ መሻገር የብልህ ሰው ሥራ ነው። አሻጋገሩ በየጊዜው ይለወጣል፤ የሚሻገረው ሰው ግን በወዲህም ዳር በወዲያም ዳር ያው ሰው ነው።

ተስማምቶ የመኖር ነገር ከሰው ልማድ አስቀድሞ በፍጥረት ሥርዓት ውስጥ ይገኛል። የኢትዮጵያ የጥንት ሊቃውንት ስለ ዓለም አፈጣጠር ሲያስተምሩ አራት ባሕርያትን ይቈጥራሉ፤ እነርሱም መሬት፥ ውኃ፥ ነፋስና እሳት ናቸው። የሰውም ሥጋ ከእነዚህ ከአራቱ ተሠራ ይላሉ። ለእያንዳንዱም ሦስት ሦስት ጠባይ ይሰጡታል። መሬት ደረቅ፥ ቀዝቃዛና ጨለማ ነው። ውኃ ርጥብ፥ ቀዝቃዛና ብሩህ ነው። ነፋስ ርጥብ፥ ሙቅና ጨለማ ነው። እሳት ደረቅ፥ ሙቅና ብሩህ ነው።

ይህን ቈጠራ አንድ ተማሪ በጣቱ እየቈጠረ ቢመረምረው የሚያስደንቅ ነገር ያገኛል። ከአራቱ ማናቸውንም ሁለት ቢያጣምር የሚስማሙበት አንድ ጠባይ ያገኝላቸዋል፤ ይኸውም ከአንድ አይበልጥም፥ ከአንድም አያንስም። መሬትና ውኃ በቅዝቃዜ ይስማማሉ። ውኃና ነፋስ በርጥበት፥ ነፋስና እሳት በሙቀት፥ እሳትና መሬት በድርቀት ይስማማሉ። መሬትና ነፋስም በጨለማነት ይገናኛሉ። ከሁሉ ይልቅ ጠላቶች የሚመስሉት ውኃና እሳት እንኳ ሁለቱም ብሩሃን ናቸውና በብርሃን ይስማማሉ። ሊቃውንቱም ፈጣሪ ጠበኞቹን ያስታረቀው በዚህ ጥበብ ነው ይላሉ።

ከዚህ የሚገኘው ትምህርት ትልቅ ነው። አራቱ አንድ ዓይነት ቢሆኑ ኖሮ ዓለም ሁሉ ጭቃ ብቻ ወይም ነበልባል ብቻ በሆነ ነበር። የሚስማሙበት ጠባይ ባይኖራቸው ደግሞ እርስ በርሳቸው ተጣልተው በጠፉ ነበር። ስለዚህ እያንዳንዱ የራሱን ጠባይ ይዞ ይኖራል፤ ከባልንጀራው ጋራ የሚገናኝበትም አንድ በር አለው።

ዛሬ በትምህርት ቤት የሚሰጠው የኬሚስትሪ ትምህርት በአራት ፈንታ 118 ንጥረ ነገሮችን ይቈጥራል። ስለዚህ የጥንቱ ቈጠራ የፍጥረትን አሠራር ለመመርመር አይበቃም። ምሳሌነቱ ግን አላረጀም። ሃይድሮጅን የሚባለው አየር እሳት ሲነካው ይነድዳል፤ ኦክስጅን የሚባለውም አየር እሳትን ያበረታል፤ ሁለቱ በተዋሐዱ ጊዜ ግን እሳትን የሚያጠፋ ውኃ ይሆናሉ። በአዲሱም ትምህርት ቢሆን ልዩ ልዩ ነገሮች ሥርዓታቸውን ጠብቀው ሲገናኙ ለብቻቸው የማይሠሩትን ሥራ ይሠራሉ።

ይህን ነገር በዓይኑ ለማየት የሚፈልግ ሰው ከባሕር ዛፍ ሥር ቆሞ ቢመለከት ይበቃዋል። በአዲስ አበባ ምዕራብ፥ በኮልፌ ቀራንዮ ክፍለ ከተማ፥ ቤቴል የሚባል ሰፈር አለ። ከቤቴል በስተ ምዕራብ የወጨጫ ተራራ ይገኛል፤ ከዚያም አልፎ፥ በአምቦ መንገድ፥ አዲስ ዓለም የምትባል ከተማ ትገኛለች። የዚህች ከተማ ታሪክ ከባሕር ዛፍ ታሪክ ጋራ የተያያዘ ነው።

አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም. ከተቈረቈረች በኋላ ሕዝቧ ፈጥኖ በዛ። ለማገዶና ለቤት መሥሪያ የሚሆነው የአገሩ ዛፍ፥ ጽዱም ወይራውም፥ እየተቈረጠ ሄደ። በቀድሞ ዘመን እንጨት ባለቀ ጊዜ ንጉሡና ሠራዊቱ ሰፈራቸውን ነቅለው ወደ ሌላ ስፍራ መሄድ ልማድ ነበረ። ስለዚህ ዐፄ ምኒልክ በ1893 ዓ.ም. ገደማ በአዲስ ዓለም አዲስ ከተማ ማሠራት ጀመሩ። ነገር ግን አገሩ አውስትራሊያ የሆነው ባሕር ዛፍ በ1880ዎቹ ዓመታት ወደ ኢትዮጵያ ገብቶ ነበረና፥ በአዲስ አበባ እየተተከለ ፈጥኖ አደገ። የእንጨቱም ችግር ቀለለ፤ ከተማይቱም ሳትነቀል በስፍራዋ ቀረች። በአዲስ ዓለም የተሠራውም ቤተ መንግሥት ቤተ ክርስቲያን ሆነ። ንጉሡ የጀመሩትን አሳብ ለመለወጥ አላፈሩም፤ የተሠራውም ቤት በከንቱ አልፈረሰም።

ዛፉ ራሱስ በባዕድ አገር እንዴት ጸና? ነጭ ባሕር ዛፍ የሚባለው ዓይነት በዕድሜው ሁለት ዓይነት ቅጠል ያበቅላል። ገና ችግኝ ሳለ ቅጠሉ ሰፊ፥ ነጣ ያለና ከግንዱ የተጣበቀ ነው፤ ሁለት ሁለት ሆኖም ፊት ለፊት ይወጣል። ዛፉ ካደገ በኋላ ግን አዲሱ ቅጠል እንደ ማጭድ ረዝሞና ጐብጦ ወደ ታች ይንጠለጠላል። እንዲህ በመንጠልጠሉ የቀትር ፀሐይ በጠርዙ በኩል ስለምታገኘው ትኵሳቷ አይጐዳውም። የችግኙንና የትልቁን ዛፍ ቅጠል ለየብቻ ያየ ሰው የሁለት ዛፎች ቅጠል ይመስለዋል፤ ሥሩ ግን አንድ ነው። ዛፉንም በመጥረቢያ ቢቈርጡት ከጉቶው እንደ ገና ያቈጠቍጣል።

ሆኖም ባሕር ዛፍን ያለ ነቀፋ ማመስገን አይገባም። ውኃ አብዝቶ ይጠጣል፤ በሥሩም ሌላ ተክል እንደ ልቡ አያድግም። ስለዚህ ከምንጭ አጠገብና ከእህል ማሳ ዳር ባይተከል ይሻላል። ለአገሩ የተስማማ ዛፍ ቢሆንም ጐረቤቱን ግን አላስማማም። ይህም ለሰው ማስጠንቀቂያ ነው፤ ለራሱ ብቻ ተመችቶት ሌላውን የሚያደርቅ ሰው የመስማማትን ግማሽ ብቻ ያወቀ ነው።

ዛፍ የሚለወጠው ያለ ፈቃዱ ነው። የሰው መለወጥ ግን በፈቃድ ነውና፥ ለዚህ የሰው ምሳሌ ያስፈልጋል። አበበ ቢቂላ ጳጉሜን 5 ቀን 1952 ዓ.ም. በሮማ ከተማ 42 ኪሎ ሜትር ከ195 ሜትር የሆነውን የማራቶን ሩጫ በባዶ እግሩ ሮጦ አሸነፈ። ዓለምም ሁሉ ስለ ባዶ እግሩ ተናገረ። ሌላ ሰው ቢሆን ከዚያ ቀን በኋላ ጫማ ማድረግን እንደ ሽንፈት በቈጠረው ነበር። አበበ ግን ጥቅምት 11 ቀን 1957 ዓ.ም. በቶኪዮ ከተማ ጫማ አድርጎ ሮጠ። ከዚያ ጥቂት ሳምንታት ቀደም ብሎ የትርፍ አንጀት ቀዶ ሕክምና ተደርጎለት ነበር። በ2 ሰዓት ከ12 ደቂቃ ከ11 ሴኮንድ ገብቶም አሸነፈ፤ በሁለት ተከታታይ ኦሊምፒኮች ማራቶንን በማሸነፍ የመጀመሪያው ሰው ሆነ። በሮማ የሮጠው ልብ በቶኪዮም ሮጧል፤ ጫማው የመንገዱ ነገር ነበር።

ከሁሉ የሚበልጠው ግን ከዚያ በኋላ የሆነው ነው። በ1961 ዓ.ም. በመኪና አደጋ ተጐድቶ እግሮቹ መራመድን ተዉ። በእግሩ የከበረ ሰው እግሩን ባጣ ጊዜ ምን ይቀርለታል? አበበ ለሕክምና ወደ እንግሊዝ አገር ተወሰደ፤ በ1962 ዓ.ም. በዚያ፥ ስቶክ ማንደቪል በሚባል ስፍራ በተደረገው የአካል ጉዳተኞች ውድድር፥ በተሽከርካሪ ወንበር ተቀምጦ በቀስት ተወዳደረ። መሮጥ በተከለከለ ጊዜ እጁን አስተማረ። በጥቅምት ወር 1966 ዓ.ም. እስኪሞት ድረስ መራመድ አልቻለም፤ ነገር ግን እስከ መጨረሻው ጀግና ነበረ።

በዚህ ላይ አንድ ጥያቄ ይነሣል። እንደ ጊዜው መለወጥ ይህን ያህል መልካም ከሆነ፥ ወላዋይ ሰው ለምን ይነቀፋል? ሰው ሁሉ ወላዋዩን «እስስት» ብሎ ይሰድበዋልና። እንስሳትን የሚመረምሩ ሰዎች እንደሚሉት ግን እስስት ያለ በደሏ ታምታለች። ቀለሟን አብዛኛውን ጊዜ የምትለውጠው የፀሐይን ሙቀት ለመቀበልና ከወገኖቿ ጋራ ለመግባባት ነው፤ ቀለሟም በተለወጠ ጊዜ አጥንቷና ደሟ አይለወጥም። አጥንቱን የሚለውጥ ሰው ብቻ ነው። ይህም እንዴት እንደሆነ የሚከተለው ታሪክ ያስረዳል።

አንድ ልጅ ከመንዝ ተነሥቶ በቤቴል በአክስቱ ቤት ተቀምጦ ይማር ጀመር። በመጀመሪያው ክረምት ብዙ ነገር መልመድ ነበረበት። መኪና በሚበዛበት መንገድ መሻገርን፥ በታክሲ ሰልፍ መቆምን፥ ከሌላ ሌላ አገር ከመጡ ልጆች ጋራ በአንድ ወንበር መቀመጥን ለመደ። ይህ ሁሉ መልካም ነበረ። ነገር ግን ሲናገር ልጆቹ በአነጋገሩ ይሥቁ ነበር፤ ልጁም የተሣቀበትን ቃል ሁሉ አንድ በአንድ ጣለ። ከቃሉም በኋላ ስለ አገሩ ማውራት ተወ። በመጨረሻም ስለ አገሩ የጠየቀው ሲኖር «እኔ የዚሁ ልጅ ነኝ» ይል ጀመር።

ከዕለታት አንድ ቀን ተማሪዎች በሚወጡበት ሰዓት እናቱ ከትምህርት ቤቱ በር ቆማ ትጠብቀው ነበር። በትከሻዋ ባና ጣል አድርጋ፥ በእጇም በሶና ቆሎ የሞላበት ከረጢት ይዛ ነበር። ከመንዝ የተነሣችው ሌሊት ነበረ። ልጁ ከባልንጀሮቹ ጋራ ሲወጣ አያት፤ ከባልንጀሮቹም አንዱ «ይህች ሴትዮ ማናት? ወደ አንተ ትመለከታለች» አለው። ልጁም ፊቱ ቀልቶ፥ «ለአክስቴ ከገጠር ዕቃ የምታመጣ ሴት ናት» ብሎ መለሰ።

እናቱ ሰማች። ፊቷ ግን አልተለወጠም። ወደ እርሱ ቀረብ ብላ ከረጢቱን በሁለት እጇ ሰጠችውና፥ ለባዕድ በሚነገር አክብሮት፥ «ጌታው፥ ይህን ለእሜቴ ያድርሱልኝ፤ እግዜር ይስጥልኝ» አለችው። እጅ ነሥታም ሄደች። ልጆቹ ጨዋታቸውን ቀጠሉ። ልጁ ግን በቆመበት ደረቀ። እናቱ ከተወለደ ጀምሮ «አንተ» ብላ ትጠራው ነበር እንጂ «እርስዎ» ብላው አታውቅም።

በዚያች ሰዓት እናትም ልጅም ቃላቸውን ለውጠዋል። ነገር ግን የሁለቱ መለወጥ አንድ አይደለም። እናቱ አነጋገሯን የለወጠችው ልጇ በባልንጀሮቹ ፊት እንዳያፍር ነው፤ ቃሏ ተለወጠ፥ ፍቅሯ ግን በዚያው በተለወጠው ቃል ተሸፍኖ ወደ ልጇ ደረሰ። ልጁ ግን ቃሉን የለወጠው እናቱን ከራሱ ለማራቅ ነው። የእርስዋ እንደ ባሕር ዛፉ ቅጠል ነው፤ ቅጠሉ ተለውጦ ሥሩን ይጠብቃል። የእርሱ ግን ሥሩን ቈርጦ ቅጠሉን ማሳመር ነው። የመልካሙና የክፉው መለወጥ መለኪያም ይህ ነው፤ የተለወጠው ነገር የማይለወጠውን የሚያገለግል ከሆነ መልካም ነው፥ የሚሸጠው ከሆነ ግን ክህደት ነው።

ልጁ ከረጢቱን እንደ ያዘ ሮጠ። እናቱን ከታክሲው ሰልፍ ውስጥ ደረሰባት፤ «እማዬ» ብሎም ባናዋን ያዘ። ከዚህ ሌላ ቃል አልወጣውም። እርስዋም፥ «ልጄ፥ ቆሎው እንዳይፈስስ ያዘው» አለችው እንጂ ስለ ሌላው ነገር አላነሣችበትም። ባልንጀሮቹም ከኋላው ተከትለው መጥተው ነበርና ወደ እነርሱ ዘወር ብሎ «እናቴ ናት» አላቸው።

በማግሥቱ ከቆሎው ጥቂት ቋጥሮ ወደ ትምህርት ቤት ወሰደ። አንዱ ልጅ እንደ ልማዱ ሣቀ። ሌላው ግን አልሣቀም፤ «የእኔም አያት ከጉራጌ አገር ቆጮ ትልካለች፤ እኔም ስለዚያ ለማንም ተናግሬ አላውቅም» አለ። ሁለቱም ከአንድ ቋጠሮ በሉ። አገራቸው ልዩ ልዩ ነበረ፤ የአፍ መፍቻ ቋንቋቸውም እንዲሁ። ነገር ግን ሁለቱም ከሩቅ የሚልክላቸው ዘመድ ነበራቸውና በዚያ አንድ በር ተገናኙ። መሬትና ውኃም የሚስማሙት በአንድ ጠባይ ብቻ እንደሆነ ቀድሞ ተነግሯል፤ አንድ ይበቃል።

እንግዲህ ፍርዱ በልጁ ላይ ብቻ መውደቅ የለበትም። ሐሰቱን የተናገረ አንድ ልጅ ነው፤ ሐሰቱን ያስተማሩት ግን በአነጋገሩ የሣቁት ናቸው። መስማማት የእንግዳው ብቻ ዕዳ ተደርጎ ሲታሰብ በየስፍራው እንዲህ ያለ ሐሰት ይወለዳል። ነባሩ ሰው አንዲት ስንዝር ሳይንቀሳቀስ እንግዳውን «እኔን ምሰል» ሲለው፥ ያ ጭነት ነው እንጂ ስምምነት አይባልም። አራቱ ባሕርያት ሲስማሙ አንዱ ጌታ ሌላው ሎሌ አልሆነም፤ እያንዳንዱ ለባልንጀራው አንድ በር ከፈተለት እንጂ። ስለዚህ በአንድ ትምህርት ቤት ውስጥ አዲስ ልጅ በገባ ጊዜ፥ እርሱ የስፍራውን ሥርዓት ይማር ዘንድ ይገባዋል፤ በዚያ የቆዩትም የእርሱን ስም አጥርተው መጥራትንና አነጋገሩን ያለ ሣቅ መስማትን ይማሩ ዘንድ ይገባቸዋል።

ቤቴል የሚለው ስም በዕብራይስጥ ቋንቋ «የእግዚአብሔር ቤት» ማለት ነው። በመጽሐፍ እንደ ተጻፈ፥ ያዕቆብ የአባቱን ቤት ትቶ ሲሄድ በመሸበት ስፍራ ድንጋይ ተንተርሶ አደረና ያን ስፍራ በዚህ ስም ጠራው። ትራስ ባይኖረው ድንጋዩ ትራስ ሆነው፤ ባዕድ የነበረውም ምድር ስም ያለው ስፍራ ሆነለት። ነገር ግን በዚያች ሌሊት የማን ልጅ እንደሆነ አልረሳም፤ ወደ አባቱም ቤት በሰላም መመለስን ተመኘ።

ስለዚህ ሰው ልብሱን እንደ አየሩ ይለውጥ፤ ምግቡን እንደ አገሩ ይልመድ፤ አዲስ ቋንቋም፥ አዲስ ሙያም፥ አዲስ ዕውቀትም ሳያፍር ይማር። የተሻለ መንገድ ባገኘ ጊዜ የቀድሞ አሳቡን ለመተው አይፈር። እውነትን፥ የወለዱትን ማክበርንና ለባልንጀራው ማዘንን ግን በማናቸውም አገር አይለውጥ። ወንዙን እንደ ወንዙ ይሻገር፤ ከወዲያ ዳር ሆኖ እናቱ ስትጠራው በሰማ ጊዜ ግን «አቤት» ይበል።